ለሜሰን የተውኩለት ቁንጮ

ባሌ ሀይለየሱስ ተጸያፊ ሰው ነው። ሠርግ ስንጠራ የራሱን ማንኪያ በናፕኪን ጠቅልሎ በኮት ኪሱ ይዞ ይሄዳል። ጉርሻ ከማንም አይቀበልም፤ እኔ ራሴ በሠላሳ አንድ ዓመት ትዳራችን ያጎረስኩት ሁለት ጊዜ ብቻ ነው፣ አንዱንም የተቀበለኝ በሠርጋችን ቀን ሰው ሁሉ እያየው እምቢ ማለት አፍሮ ነው። ብዙ ሰው ኩራት ይመስለዋል። ኩራት አይደለም። አዲስ አበባ አንድ ጤና ጣቢያ ውስጥ አሥራ ዘጠኝ ዓመት የላቦራቶሪ ቴክኒሻን ሆኖ የሰው ሰገራ ሲመረምር ኖሯል። በማይክሮስኮፕ ያየውን ካየ በኋላ የሰው እጅ ንጹሕ ነው ብሎ ማመን አቃተው። አልፈርድበትም፤ ግን የገዛ ቤቱን በር በክርኑ ከሚከፍት ሰው ጋር መኖር ያደክማል።

እኔ እጅጋየሁ የምሠራው አረጋውያን በሚጦሩበት ቤት ነው። የረጠበ አንሶላ እቀይራለሁ፣ ስሜን የማያውቁ ሽማግሌዎችን ገላ አጥባለሁ፤ ይኼ ሁሉ አይቀፈኝም። እናቱን ሁለት ዓመት ሳይጠይቃት ኖሮ፣ በሞተች ማግስት ቀለበቷን ሊፈልግ የሚመጣ ልጅ ሳይ ነው የሚያቅለሸልሸኝ። ስለዚህ ሁለታችንም ተጸያፊዎች ነን፤ እሱ ቆሻሻን፣ እኔ ሰውን። ሲያትል ውስጥ ኦቴሎ የሚባል ሰፈር ያለችው አፓርታማችን ንጹሕ ናት፣ እንግዳ ግን አይበዛባትም። ሁለት ወንዶች ልጆች አሉን፤ አንዱ ዳላስ፣ አንዱ አትላንታ። ለበዓል ይደውላሉ። ሕፃናት ሳሉ አባታቸው አንድም ቀን ሽንት ጨርቅ ነክቶላቸው አያውቅም፤ ይህንን የምናገረው በኋላ የሆነውን ስትሰሙ ለምን እንደተቃጠልኩ እንዲገባችሁ ነው።

እዚህ አሜሪካ የባሌ ሥራ ልጆችን ማመላለስ ሆነ። ቤታቸውን ያጡ፣ በሞቴልና በመጠለያ የሚኖሩ ቤተሰቦች ልጆች ድሮ ከሚማሩበት ት/ቤት እንዳይፈናቀሉ ሹፌር ይመደብላቸዋል። ሀይለየሱስ የሚነዳለት ትንሽ ድርጅት ይህንን ሥራ በኮንትራት ይዟል። ምድብ የሚያወጣው ልዑልቃል የሚባል የኛው አገር ልጅ ነው፤ ሠላሳ ዓመት ያልሞላው፣ ሽማግሌውን ሁሉ ጋሼ እያለ የሚያዝ።

ባለፈው መስከረም ሁለት ልጆች ሰጠው። ሄዘል ሰባት ዓመቷ ነው፤ ወንድሟ ሜሰን አምስት። ከእናታቸው ጋር ቱክዊላ ባቡር ጣቢያው አጠገብ ያለ ሞቴል ውስጥ ይኖራሉ፤ የሚማሩት ግን ሊንውድ ነው፣ ሲያትልን ከደቡብ እስከ ሰሜን አቋርጦ፣ ጠዋት ሀይዌዩ ሲጨናነቅ ከአንድ ሰዓት በላይ። ከሰዓት በኋላ ደግሞ ያንኑ መንገድ መመለስ ነው። መመሪያው አራት ነገር ይላል፦ አትንካቸው፣ አታብላቸው፣ ስጦታ አትስጣቸው፣ ስለ ቤታቸው አትጠይቃቸው። ሀይለየሱስ መመሪያውን አንብቦ ደስ አለው። ለእሱ የተጻፈ ነው የሚመስለው።

በሦስተኛው ቀን ሜሰን የጠጣውን ወተት መኪናው ውስጥ አስታወከው። ባሌ ቤት ሲገባ ፊቱ አመድ ነበር። ወንበሩን በበረኪና ሦስት ጊዜ አጥቦት፣ ጃኬቱን ፌስታል ውስጥ አስሮ ቆሻሻ ገንዳ ከቶት ነው የመጣው። ምሳውን መብላት አልቻለም። ነገ ለልዑልቃል ደውዬ እቀየራለሁ፣ ንፍጣቸውን በመስኮቱ ላይ ይጠርጋሉ፣ ወንዱ እግሩን ከጫማው አውጥቶ ይሸታል፣ ይኼ ለኔ አይሆንም አለ። ተቀየር አልኩት። በማግስቱ ደወለ ወይ ብዬ ስጠይቀው መስመሩ ተይዞ ነበር አለኝ። ልዑልቃል ስልኩን ሁልጊዜ ጆሮው ላይ ሰክቶ የሚውል ልጅ ነው፤ ባሌ ደግሞ ውሸት አይችልበትም።

ከዚያ በኋላ ነገሩን ያየሁት በዳቦዬ ነው። ከሐበሻ ሱቅ የማመጣው አምባሻ ሩቡ ጠዋት ጠዋት ይጠፋ ጀመር። ባሌ ቁርስ አይበላም። መኪናው ውስጥ እርጥብ መጥረጊያ፣ የእጅ ፎጣ፣ ትንሽ የጥርስ ብሩሽ ሳይቀር አገኘሁ። ስጠይቀው ልጆቹ ቁርሳቸው ከማሽን የሚገዛ ቺፕስ መሆኑን፣ ሜሰን ያስታወከው በባዶ ሆዱ ወተት ጠጥቶ መሆኑን፣ ሄዘል ከወንድሟ ቀድማ እንደማትበላ ነገረኝ። ባንድ ዓመት ውስጥ አክስት ቤት፣ መኪና ውስጥ፣ መጠለያ፣ ከዚያ ሞቴል ተዘዋውረዋል አለኝ። ያልተቀየረባቸው ያ ት/ቤት ብቻ ነው፤ ሄዘል እዚያ ስሟ የተጻፈበት የኮት መስቀያ እንዳላት በየቀኑ ትነግረዋለች።

ነደደኝ። የገዛ ልጆቼን አፍንጫ በመሐረብ ጠርጎ የማያውቅ ሰው የማንንም ልጅ አፍ በፎጣ ይጠርጋል። እራት ላይ ሄዘል እንዲህ አለች፣ ሜሰን እንዲህ አደረገ ይለኛል። የሰው ወርቅ አያደምቅም፣ ነገ ሲወስዱብህ ታለቅሳለህ አልኩት። መብላቱን ቀጠለ። ንዴቴ ቅናት መሆኑን አውቄዋለሁ፤ ማወቄ ግን አላበረደልኝም።

ጥቅምት መጨረሻ ላይ ሄዘል ራሷን ማከክ ጀመረች። በስፖኪዮ እያየ ነው የሚነዳው፤ የላቦራቶሪ ሰው ነውና አንድ ቀን በፀሐይ ሲያያት ነገሩ ወዲያው ገባው። ቅማል ነው። ት/ቤቱ በር ላይ ለምትቀበላቸው ሴት ነገራት። እሷም እናውቃለን፣ ሦስት ሳምንት ሆኗታል፣ ለእናቷ ወረቀት ልከናል አለችው። በዚሁ አበቃ። ሦስት ሳምንት ሙሉ የልጅ ደም ሲመጠጥ ወረቀት ልከው ተቀምጠዋል። ደግሞ እኮ ወረቀቱ በቀለም የታተመ ነው፣ ሄዘል አሳይታዋለች፤ የተሳለበት ቅማል መነጽር አድርጎ ይስቃል።

ሀይለየሱስ ለልዑልቃልም ተናገረ። ባይናገር ይሻል ነበር፤ ግን በዚያው መኪና ቀን ቀን ሌሎች ልጆችም ይጫናሉ፣ ደብቆ መንዳት ሕሊናው አልፈቀደለትም። ልዑልቃል ለቅማል ፖሊሲ ነበረው።

«ጋሼ፣ ላይቭ የሆነ ነገር ካለ ክሊር እስኪሆኑ ፒክአፕ አናደርግም» አለው። «ሶ ከሰኞ ጀምሮ ሆልድ ነው። ሌላ ድራይቨርም አይወስዳቸውም።»

ከዚያስ ምን ይሆናሉ ብሎ ጠየቀው። ልዑልቃል የሚሆነውን ከልምድ ያውቃል፦ መኪናው ሲቀር እናትየው አንድ ሳምንት ትጠብቃለች፣ ሁለት ሳምንት ትጠብቃለች፣ ከዚያ ሰልችቷት ቅርብ ወዳለው ት/ቤት አዛውሩልኝ ብላ ትፈርማለች። ሁሉም እንደዚያ ነው የሚያልቀው አለው።

ባሌ ያን አርብ ቤት ሲገባ ልብሱን በረንዳ ላይ አውልቆ በፌስታል አሰረ። ሻወር ውስጥ አንድ ሰዓት ቆየ። ወጥቶ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠና ነገሩን ሁሉ ነገረኝ። እሱ ሲነግረኝ እኔ ራሴን አካለሁ። የቅማል መድኃኒት ለእናትየው ገዝቶ እንደሰጣት፣ ጠርሙሱ ሳይከፈት መስኮቱ ላይ ቆሞ እንዳየው፣ ሰኞ ሊደርስ ሁለት ቀን እንደቀረው ነገረኝ።

«ይላጩ እንጂ ምን ችግር አለው» አልኩት።

ሌላ ምንም አልታየኝም። ጉለሌ ስናድግ ት/ቤት ሊከፈት ሲል እናቴ አምስታችንንም፣ ሴት ወንድ ሳትል፣ የሰፈሩ ፀጉር አስተካካይ ፊት ታሰልፈን ነበር። በቶንዶዝ ይላጨናል፣ ቅማሉም ቅጫሙም ከነጸጉሩ ይቃጠላል፣ ከሰዓት በኋላ ሱዚ እንዘላለን። የሳቀብን አልነበረም፤ የሚስቅብንም ልጅ ራሱ ተላጭቷል። ሀይለየሱስም ያደገው እንዲሁ ነው። ቅዳሜ ጠዋት የጸጉር መላጫ ማሽንና አንሶላ ይዘን ቱክዊላ ሄድን።

እናትየው ኬይላ ትባላለች። በሩን በሰንሰለቱ ልክ ከፈተች፤ ኮፍያዋን እስከ ቅንድቧ ድረስ አውርዳዋለች፣ ከጀርባዋ ቴሌቪዥን ይጮሃል። ሀይለየሱስ እጁን አጣምሮ፣ አማት ፊት እንደቀረበ ሰው፣ ልጆቹን ብንላጫቸው ቅማሉ ዛሬውኑ እንደሚያልቅ፣ ካልሆነ መኪናው እንደሚቀር አስረዳት።

«ኦኬ፣ ሹር፣ ዋትኤቨር» አለችና ልጆቹን አውጥታ በሩን ዘጋች።

እኛ ዘንድ እናት በሯ ላይ ቆማ እሺ ካለች አለቀ፣ ቃሏ ነው። እዚህ አገር ደግሞ ለጥርስ ምርመራ እንኳ ሦስት ቦታ ያስፈርማሉ። ይህንን እኔ አውቃለሁ፤ በየቀኑ የሽማግሌ ወረቀት የማስፈርም ሴት ነኝ። እንዴት እንደረሳሁት እስከ ዛሬ አይገባኝም።

ሞቴሉ ጀርባ፣ የለስላሳ መሸጫ ማሽኑ አጠገብ፣ ሶኬት አገኘን። መጀመሪያ ሄዘል ተቀመጠች። ጸጉሯ እስከ ወገቧ ነው፤ ከሩቅ ያምራል፣ ከቅርብ ግን እንደ ምንጣፍ ተላብዷል፣ ከጆሮዋ ጀርባ ሰሊጥ የተነሰነሰበት ይመስላል። ቆዳዋ ቆስሎ ውሃ ይቋጥራል። አፌ ምራቅ ሞላ፤ ዞር ብዬ ተፋሁ። እሷ ወደ ሀይለየሱስ ቀና ብላ ማከኩ ይቆማል ወይ ብላ ጠየቀችው። ይቆማል አላት። እንግዲያው ሁሉንም ቁረጡት አለችና ዓይኗን ጨፈነች። እስክጨርስ አልተነቃነቀችም። ስጨርስ ራሷን በሁለት እጇ ዳብሳ ሳቀች።

ባሌ ሁለት ሁለት ጓንት ደራርቦ የሚወድቀውን ጸጉር ፌስታል ውስጥ ይሰበስባል። ሜሰን ግን እንደ እህቱ አልተቀመጠም፤ ይወራጫል፣ ጆሮውን ልቆርጠው ሆነ። ያን ጊዜ ሀይለየሱስ ጓንቱን አውልቆ በባዶ እጁ የልጁን ጆሮ አጠፈልኝ። ቅማሉ በአንጓው ላይ ሲሄድ አየሁት፤ እሱም አይቶታል፣ እጁን ግን አላነሳም። ቅናቴ እዚያ ላይ አለቀ ብል ውሸት ነው። ብቻ መላጨቴን ቀጠልኩ።

ከኋላ ጀምሬ ወደ ግንባሩ ስደርስ እጄ ቆመ። ልጁ ሁለት ትልልቅ ጆሮ፣ የተጠረገ አፍንጫና ጉጉት ብቻ ሆኖ ቀርቷል። የኔ ትልቁ ልጅ በዚያ ዕድሜው እንዲሁ ነበር። እናቴ ወንድሜን ስታስላጭ የምታስቀርለትን አስታወስኩና ከግንባሩ በላይ አንድ ቁንጮ ተውኩለት። ልጅ ሲወድቅ መልአክ ይዞ የሚያነሳው በዚህ ነው አልኩት በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ። ሜሰን በመሸጫ ማሽኑ መስታወት ራሱን አይቶ ቁንጮውን ወደ ላይ ጎተተ፣ ልብረር ብሎ ዘለለ።

ሀይለየሱስ ጨርሺው፣ አታስቀሪ አለኝ። ልጅ ነው፣ ተወው አልኩት።

ሰኞ ጠዋት ባሌ ለልዑልቃል ክሊር ሆነዋል ብሎ ደውሎ ሁለቱንም ንጹሕ አድርጎ ት/ቤት አደረሳቸው። ከሰዓት በኋላ ልዑልቃል ደወለ።

«ጋሼ፣ ምንድን ነው ያደረጋችሁት? የሰው ልጅ እኮ ነው ሼቭ ያደረጋችሁት» አለው። «ት/ቤቱ ሪፖርት አድርጓል። አንተ ሰስፔንድ ነህ።»

ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይኼ ነው። ቅማሉ ሦስት ሳምንት ልጅቷን ሲበላ ፋይል የከፈተ አልነበረም፤ ጸጉሯ በተቆረጠ ቀን ሦስት ቢሮ ፋይል ከፈተ። አስተማሪዋ አልቅሳለች አሉ። በወረቀት ላይ ቅማል ሲስቅ አይታ ያላለቀሰች ሴት፣ የተላጨ ራስ አይታ አለቀሰች። አንዲት የሕፃናት ጉዳይ ሠራተኛ ደውላ ባሌን ልጆቹን ስንት ጊዜ እንደነካ፣ የት እንደነካ ጠየቀችው። ባሌን፣ የበር እጀታ በክርኑ የሚከፍተውን። ጆሮ አላት። የትኛውን ጆሮ አለችው። ግራውን አላት፣ ከዚያም ቀኙን። ይህንን ሲመልስ ሰምቼ ወጥ ቤት ገብቼ ሳህን ሰበርኩ፣ አውቄ ነው የሰበርኩት።

ኬይላን ጠየቋት። እኔ አልፈቀድኩም አለች። ከዚያ ደብዳቤ መጣ፦ ነገሩ እስኪጣራ ሀይለየሱስ ወደ ልጆቹ እንዳይቀርብ፣ እንዳይደውል። እንዳልከሰሱት አመስግን አለው ልዑልቃል። ልጆቹ ግን ሌላ ሹፌር አግኝተዋል፣ ክሊር ናቸው፣ ከሊንውድ አይነሱም አለው። ባሌ ስልኩን ዘግቶ እንግዲያው ይሁን አለ። የፈለገው እሱኑ ነበር።

በሚቀጥለው ሳምንት ረቡዕ ልዑልቃል እንደገና ደወለ። ስልኩን ያነሳሁት እኔ ነበርኩ። አዲሱ ሹፌር ሰኞ ዕለት ሜሰንን ሲያሳፍር አይቶ ወደ ቢሮ ደውሏል፤ ቅማል አለበት፣ የሚሄድ ቅማል። እንዴት ይሆናል፣ ልጁ ተላጭቷል እኮ አልኩት።

«እትዬ፣ እዚያ ከፊቱ ያስቀራችኋት ነገር ውስጥ ነው» አለኝ። «ፒክአፕ ካንስል ሆኗል።»

አለባብሰው ቢያርሱ በአረም ይመለሱ ይባላል፤ እኔ በቅማል ተመለስኩ። ያስቀረሁት ለማንም ሳይሆን ለራሴ ነው። ትልቁን ልጄን ላይበት ፈልጌ፣ ጣት የምታክል ጸጉር ላይ ተንሰፍስፌ፣ ባሌ ጨርሺው እያለኝ አልጨረስኩም። ራሴን ያኔ እንደተጸየፍኩት ማንንም ተጸይፌ አላውቅም። ማታ ስነግረው ሀይለየሱስ ነግሬሽ ነበር አላለኝም። ቢሰድበኝ ይቀለኝ ነበር። ስንተኛ ቀናቸው ነው ከቀሩ ብቻ አለኝ።

አርብ የዕረፍት ቀኔ ነው። ደብዳቤው ላይ የተጻፈው የእሱ ስም ነው፤ የእኔ የለበትም። ማሽኑንና ጥርሰ ደቃቁን ማበጠሪያ ቦርሳዬ ውስጥ ከትቼ ባቡር ተሳፈርኩ። ከኦቴሎ ሁለት ጣቢያ ነው። መንገዱን ሙሉ ለኬይላ የምላትን በእንግሊዝኛ ሳዘጋጅ ሄድኩ። ውሸታም ናት፣ ሰነፍ ናት፣ በሯ ላይ እሺ ብላ ቢሮ ሄዳ የካደች ናት። እናት ተብለሽ መጠራት አይገባሽም የምለውን ሰዋስው አስተካክዬ በቃሌ ያዝኩት።

ልጆቹ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ላይ፣ የትምህርት ቀን፣ ደረጃው ላይ ተቀምጠዋል። ሁለቱም የክረምት ኮፍያ አድርገዋል። ሄዘል የት/ቤት ቦርሳዋን አዝላለች፤ መኪናው ምናልባት ከመጣ ብላ በየጠዋቱ እንደምታዝለው ነገረችኝ። ሚስተር ሀይሌ ተቆጥቶን ነው ወይ የቀረው አለችኝ። አይደለም፣ ቤት ነው፣ ሰላም ብሏችኋል አልኳት። አላለም፤ ማለት ተከልክሏል። በሩን አንኳኳሁ።

ኬይላ ስትከፍት በቃሌ የያዝኩትን ሁሉ ለማፍሰስ አፌን ከፍቼ ነበር። ክፍሉ የአሮጌ ዘይትና የእርጥብ ፎጣ ሽታ አለው፤ አንድ አልጋ ለሦስት፣ አንሶላው ግራጫ ሆኗል። ዛሬ ኮፍያ አላደረገችም። ፊቷን ያየሁት ገና ያን ጊዜ ነው። ብጉር ያልለቀቃት ልጅ ናት። ስታየኝ ወደ ኋላ ሸሸች፣ ከመጥፎ ነገር በቀር ማንም ምንም ይዞላት መጥቶ የማያውቅ ሰው እንደሚሸሸው። ቁንጮውን ልጨርስ ነው የመጣሁት አልኳት። ሌላው ንግግር ጠፋኝ።

«እሺ ብዬ ነበር፣ አውቃለሁ» አለች በእንግሊዝኛዋ፣ ቶሎ ቶሎ። «እሺ ማለቴን ካወቁ ልጆቼን ይወስዱብኛል ብዬ ፈራሁ።»

ይቅር ልላት አልተዘጋጀሁም፤ አሁንም ይቅር ያልኳት አይመስለኝም። ወረቀትና እስክሪብቶ ከቦርሳዬ አውጥቼ፣ ልጄን እንድትላጭ ፈቅጃለሁ ብለሽ ጻፊ፣ ፈርሚ አልኳት። ጻፈች። የእጅ ጽሑፏ ከሄዘል ብዙም አይሻልም።

ሜሰን ያን ቀን ሳይወራጭ ተቀመጠ። ማሽኑን ሳስነሳ ግን ቁንጮውን በእጁ ጨብጦ እምቢ አለ። መልአኩ በምን ይይዘኛል አለኝ። በእጅህ ይይዝሃል፣ እጅህ ትልቅ ሆኗል አልኩት። እጁን ገልብጦ አየና ቁንጮውን ለቀቀው። ላጨሁት። የተቆረጠችውን ሶፍት ላይ አስቀምጬ ሳያት ቅጫሙ ዙሪያዋን ሞልቷል። ጠቅልዬ ሽንት ቤት ውስጥ ለቀቅኳት። አንሶላውን፣ ፎጣውን፣ ኮፍያዎቹን ሰብስቤ ሞቴሉ ልብስ ማጠቢያ ውስጥ በፈላ ውሃ ከተትኩ።

ኬይላ ፊቴ ሆና ለት/ቤቱ ደወለች። ነርሷ ሰኞ ሞቴሉ ድረስ መጥታ ታያቸዋለች፣ ንጹሕ ከሆኑ ማክሰኞ ሌላ ሹፌር ይመጣል አሉ። ሌላ ሹፌር ያሉትን ሄዘል ሰማች። ቦርሳዋን አውልቃ በሩ ጀርባ አስቀመጠችው። ሀይለየሱስ እንደማይሆን ገብቷታል፤ አልጠየቀችኝም።

ሥራዬን ጨርሻለሁ ብዬ የማሽኑን ገመድ ስጠቀልል ኬይላ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ አንገቷን ታካለች። አስተዋልኳት። ከጆሮዋ በታች እስከ ማጅራቷ ደም ለብሷል። ልጆቿን ሁለት ጊዜ ላጭተን አልጋቸው ላይ ሦስተኛ ራስ እንዳለ አንዳችንም አላሰብንም። የላቦራቶሪ ሰው ነኝ ባዩ ባሌም፣ እኔም፣ ያ ሁሉ ፋይል የከፈተው ቢሮም።

«የኔንም ትቆርጭልኛለሽ?» አለችኝ፤ እኔን ሳይሆን ምንጣፉን እያየች።

ቀፈፈኝ። እውነቱን ነው የምናገረው። ያ ጸጉር፣ ያ አንገት፣ ባሌን ያዋረደ ያ አፍ። ባቡሬ ሊያመልጠኝ ነው ማለት እችል ነበር። ዕድሜሽ ስንት ነው አልኳት። ሃያ ሦስት አለችኝ። ሄዘልን በስንት ዓመቷ እንደወለደች በልቤ አሰብኩ። እናትሽስ አልኳት። ትከሻዋን ነቀነቀች፤ የት እንዳለች አላውቅም አለች።

ወንበሩን መስኮቱ አጠገብ አደረግኩላት፣ ንጹሑን ፎጣ አንገቷ ላይ አሰርኩ። ከኋላ ጀመርኩ። ቁስሉ ላይ ስደርስ እጄን አቀለልኩ፤ መጀመሪያ ትከሻዋን ሰብቃ ነበር፣ ቀስ እያለች ለቀቀችው። ሄዘልና ሜሰን አልጋው ላይ ተጋድመው የእናታቸው ጸጉር ሲወርድ ያያሉ። ግማሹ ላይ ስደርስ ራሷ ከበደኝ። ተኝታለች፣ አፏን ከፍታ፣ ግንባሯን ሆዴ ላይ ጥላ። ማሽኑን አጥፍቼ ቆምኩ።

ስልኬ ጮኸ። ሀይለየሱስ ነው። ማለዳ ከወጣሁ ጀምሮ ስልኩን ይዞ እንደተቀመጠ አውቃለሁ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ እንዴት ናቸው ብሎ መጠየቅ እንኳ የተከለከለ ይመስል፣ ጨረስሽ ወይ ብቻ አለኝ።

«ገና ነኝ» አልኩት። «አንድ ልጅ ቀርቶኛል።»